በውክልና የወረደው እርቅ

ጎንደር ስለሚገኝ አንድ ጽሕፈት ቤት ክፉ ሲወራ ስሰማ ደሜ ይፈላል። ስሙን አልጠራም፤ ለክብሩ ይህ ገጽ አይበቃም። ተልእኮው በበይነ መረብ ላይ ጨዋነትን ማስፈን ሲሆን፣ እንዴት አድርጎ እንዳሰፈነው የእስከዳር ጉዳይ ምስክር ነው።

እስከዳር ማራኪ ሰፈር በተከራየቻት ክፍል ብቻዋን የስልክ ጌም ትሠራለች። በመጨረሻው ጌሟ በድብ ባሕር መንደር የምትኖር አንዲት ገበሬ ማሳዋን ከዝንጀሮ ትጠብቃለች። ጌሙ ተወደደ። ጥፋቱ ዝንጀሮ የምታባርረው ሴት መሆኗ ነበር። የአገር ጀግኖች በሐሰት ስም ተሰልፈው ይሰድቧት ጀመር፤ «የጎንደር ነብር» ነኝ የሚለው ደግሞ የቤቷን በር ፎቶ ለጥፎ «መጥተን ጣቶችሽን እንቆርጣለን» ሲል ጻፈ። እንቅልፍ አጣች። ዝም ግን አላለችም፤ ሴት ተማሪዎችን ሰብስባ ለዛቻ እንዳይንበረከኩ ማስተማር ጀመረች። የራሷንም አቤቱታ ይዛ ጽሕፈት ቤቱ ገባች።

ኃላፊው አቶ ፋንታሁን በጥሞና አዳመጧት።

«ጉዳዩ ዘርፈ ብዙ ነው፤ ባለድርሻ አካላትን ይፈልጋል። በሽምግልና እንፈታዋለን።»

«ሰውዬው ሳይታወቅ?»

«እሱን ማግኘትማ አይቻልም። በይነ መረብ ሰፊ ነው።»

ሽማግሌዎች ተቀመጡ። በደንቡ በዳይ ድንጋይ ተሸክሞ ይቅርታ ይጠይቃል፤ በዳይ ግን የለም። ጽሕፈት ቤቱ በዚህ አልተበገረም። ማለደ የተባለው የበሩ ጥበቃ በዳዮቹን ሁሉ ወክሎ ድንጋይ እንዲሸከም በሙሉ ድምፅ ተወሰነ።

«ማለደ ምን አደረገኝ?» አለች እስከዳር።

«ምንም» አሉ የሽማግሌዎቹ አንጋፋ አያ ቢሻው። «ይቅር ለማለት የሚቀለውም ለዚያ ነው። ሸጋ ሰው ነው።»

«አያ ቢሻው፣ ቤቴን የሚያውቀው እኮ ሌላ ነው!»

«ምነው ልጄ፣ ድንጋዩ ከብዶት አንገቱ ሊቀነጠስ ነው፤ ቶሎ ይቅር በይው እንጂ!»

ማለደ አሳዘናትና ይቅር አለች። ተጨበጨበ። ጉዳዩም «በእርቅ የተዘጋ» ተባለ።

አቶ ፋንታሁን እርቁ ላይ የተነሡትን ፎቶ በጽሕፈት ቤቱ ገጽ ለጠፉ። «የጎንደር ነብር» ከሥሩ አንዲት አስተያየት ጣለ፦ «የኃላፊው ከረባት ሆዳቸውን ፈርቶ መንገድ ላይ ቀርቷል።»

በይነ መረብ ወዲያው ጠበበ። ፖሊስ ተጠራ፣ የኮምፒውተር ባለሙያ ተጠራ፣ የሕግ አንቀጽ ተገኘ። ምሳ ሳይደርስ ነብሩ ኮላ ድባ ከተማ ላይ ከነስልኩ ተያዘ።

እስከዳር ይህን ሰምታ እየሮጠች መጣች።

«እሱ ነው! የቤቴን በር ፎቶ ያነሣው እሱ ነው! በእኔም ጉዳይ ይከሰስልኝ!»

«አንቺማ ይቅር ብለሻል» አሉ አቶ ፋንታሁን። «በእርቅ የተዘጋ ጉዳይ አይከፈትም። እሱ የሚከሰሰው በከረባቱ ጉዳይ ብቻ ነው።»

አያ ቢሻው ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «እንግዲያ ይኸንንም በሽምግልና ብንጨርሰውስ? በዳዩም ተገኝቷል።»

አቶ ፋንታሁን ደነገጡ።

«አያ ቢሻው፣ ምን ነካዎት? ሰው መስደብ እኮ ወንጀል ነው!»