የጋሽ ኑርዬ ዘጠና ዴስኮች

የጋሽ ኑርዬ አንዲት ቀን መቶ አምስት ብር ትወስዳለች። ባጃጅ እስከ ፍርድ ቤት ሀያ፣ መመለሻ ሀያ፤ ፎቶ ኮፒ አስራ አምስት፤ ሊስትሮ ሀያ፣ "ዳኛ ፊት አቧራ ይዤ አልቆምም" ስለሚሉ፤ ሁለት ሻይ፣ አንዱ የሳቸው፣ አንዱ የመዝገብ ቤት ሠራተኛዋ የሀዲያ፣ ሰላሳ። ይህ እንግዲህ ቀጠሮ የሌለበት ቀን ነው።

የትም ከተማ ሂዱ፣ ክላሰር ብብቱ ስር የበቀለበት አንድ ባለጉዳይ አይጠፋም። የኛ የሐይቅ ከተማ ክቡር ከሳሽ ጋሽ ኑርዬ ናቸው። "እንዴት አደሩ?" ስንላቸው "ለሰኔ አስራ ሁለት ተቀጥሯል፣ አልሀምዱሊላህ" ይሉናል።

አናጢ ነበሩ። ከሦስት ዓመት በፊት የአንድ መሥሪያ ቤት ጨረታ አሸንፈው (ስሙን አልጠራም፣ እሳቸው በየቀኑ ይጠሩታል) ለልጆቻችን ትምህርት ቤት ዘጠና ዴስክ ሠርተው አስረከቡ። ፊርማ አለ፣ ማህተም አለ፣ ብር የለም። "በጀት ተዘግቷል" ተባሉ። እንጨቱን በዱቤ የሰጣቸው ነጋዴ ግን የሚዘጋ በጀት አልነበረውም። የእንጨት መላጊያ ማሽናቸውን ሸጠው ከፈሉት።

ከዚያ ከሰሱ። መሥሪያ ቤቱ "ዴስኮቹ ጥራት ይጎድላቸዋል" ብሎ መልስ ሰጠ። ያለቅሳሉ ብለን ስንፈራ መዶሻቸውን ይዘው ትምህርት ቤት ገቡ። ማስረጃ እንዳይበላሽ! ይኸው ከዚያ ወዲህ አንዲት ሚስማር ከላላች እዚያ ናቸው፤ ላልተከፈሉበት ዴስክ ነፃ ጥገና። ልጄ ሪታጅ ዴስኳ ላይ አበባ ብትስል፣ "ማስረጃ ነው እኮ የኔ እናት!" ብለው በብርጭቆ ወረቀት ፍቀው አጠፉት።

ችሎት ፊት እንኳ አላረፉም። የተቀመጡበት አግዳሚ ቢወዛወዝባቸው አጎንብሰው ስሩን ማየት ጀመሩ።

"ከሳሽ፣ ምን ጠፋብዎት?" አሉ ዳኛዋ።

"ምንም ክብርት ዳኛ። አንድ እግሩ አጥሯል፤ ትንሽ ሽብልቅ ብትገባለት..."

"አሁን የምንነጋገረው ስለ ዴስኩ ነው።"

"እሱንስ እኔ ነኝ የሠራሁት፣ አይወዛወዝም።"

በወር አንዴ ደግሞ ሚኒባስ ተሳፍረው ውጫሌ ይሄዳሉ። ሌላ ክስ ያላቸው መስሎን ነበር። አንድ ቀን እኔም ለገበያ ሄጄ አየኋቸው፤ ማሽኑን የገዛው ሰው ቤት ማዶ ቆመዋል። ውስጥ ማሽኑ ይጮኻል። ዓይናቸውን ጨፍነው ያዳምጣሉ።

"ቢላዋው ዶልዱሟል" አሉኝ፣ እንዳየኋቸው ሲያውቁ። "ድምፁ ይነግርሻል። እኔ ጋ በነበረች ጊዜ እንዲህ አታቃስትም ነበር።"

"አብሽሩ ጋሼ፣ ትመለሳለች።"

ጋሽ ኑርዬ ኢንሻአላህ ያላሉበትን ቀን ያንን ብቻ ነው የማውቀው።

ዘንድሮ ተፈረደላቸው። ከነወለዱ ይከፈል ተባለ። መሥሪያ ቤቱም ለፍርዱ ያለውን አክብሮት ገልጾ፣ በሚቀጥለው በጀት እንደሚያስገባው ጻፈ። ሀዲያ በዚያ ቀን ሻዩን ከፈለች። በነጋታው ጋሽ ኑርዬ መዶሻቸውን ይዘው ወደ ትምህርት ቤት ሲያዘግሙ አገኘኋቸው።

"ጋሼ! ተፈርዶልዎት የለ እንዴ? ማስረጃው ከእንግዲህ ምን ያደርጋል?"

"እስኪከፍሉኝ ድረስ የኔ ናቸው። የራሴን እቃ እንዳልጠግን ነው የተፈረደው?"

ሳቅኩና ሚስማራቸውን ይዤ ተከተልኳቸው። ዴስኮቹን አንድ በአንድ በመዳፋቸው ሲዳብሱ ሳይ፣ ያቺ ማሽን ከውጫሌ የምትመለስበትን ቀን ከሳቸው እኩል እየናፈቅሁ መሆኔን አወቅሁ።

ስለሳቸው ልጽፍ መሆኔን ስነግራቸው፣ ስለ ብሩ አቤት በይልኝ የሚሉ መስሎኝ ነበር። መነጽራቸውን አውልቀው ጥቂት አሰቡ።

"እንዲህ ብለሽ ጻፊ። ልጆቻችሁን እዚያ ትምህርት ቤት የምትልኩ፣ ልጁ 'ዴስኬ ተነቃነቀ' ካላችሁ፣ አደራ፣ ከስሩ ድንጋይ አትወትፉ፤ እግሩን ያጣምመዋል። ጥሩኝ። ፍርድ ቤት ባልገኝ እዚያው ነኝ።"