የኦሪጅናል ጠበቃው ክቡር ጀይሉ

«ኦሪጅናል ካልሆነ አልነካም» የሚል ሰው የሌለበት ከተማ ገና አልተቆረቆረም። ለሱዳን ድንበሯ ከተማ ለኮኪት የደረሷት ጨርቅ ነጋዴው ክቡር ጀይሉ ናቸው።

ሩፊዳ በጨዋታ ቤቷ አንድ ፕሌይስቴሽንና አንድ ላፕቶፕ አላት። ሁለቱም ላይ ጨዋታው ያው ነው፤ አንድ ባለጎራዴ ዘንዶ ሊገድል ይሄዳል። ላፕቶፑ ላይ ግን የሚሠራው በኢሙሌተር፣ ማለትም ኮምፒውተሩን «ፕሌይስቴሽን ነኝ» በሚያሰኝ ፕሮግራም ነው። ለክቡር ጀይሉ ይህ ክህደት ነው።

«ምስሉ ይንተባተባል» ይላሉ። «ጎራዴው ጣት ካዘዘው በኋላ አስቦበት ነው የሚመታ!»

ደግሞ ላፕቶፑ፣ ቢሞቱ ከዚያው እንዲቀጥሉ፣ ጨዋታውን በፈለጉበት ቦታ ያስቀምጣል፤ ፕሌይስቴሽኑ በየምዕራፉ መጨረሻ ብቻ። «ሞት የማያስፈራበት ውጊያ ምን ውጊያ ነው? ወላሂ፣ ኦሪጅናል ኦሪጅናል ነው!» ሩፊዳ ስብከቱን በቃሏ ትወጣዋለች።

ያመናቸው ቸሩ ብቻ ነበር። ከጎጃም ለሰሊጥ አጨዳ መጥቶ፣ በየእረፍት ቀኑ ፕሌይስቴሽኑ ላይ ሲታገል ከርሞ ዘንዶው በር ደረሰ። አጨዳው ባለቀ ዕለት፣ አገሩ የሚወስደው አይሱዙ ሰው እየጫነ ሳለ፣ «ዘንዶውን ሳልገጥም አልሄድም» ብሎ ገባ። ገና ከመቀመጡ መብራት ጠፋ።

«ላፕቶፑ ባትሪ አለው» አለች ሩፊዳ፤ «ግን ከመጀመሪያው ነው የምትጀምር።»

«ተይው በቃ። ለከርሞ እመጣ እንደሁ እንጃ» አለና ጓዙን አነሳ። ሊያለቅስ ምንም አልቀረው።

ጥግ ላይ ተቀምጠው የነበሩት ክቡር ጀይሉ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ጣሪያውን አዩ፤ መሬቱን አዩ።

«የኔ... አለ።»

«ምኑ?» አለች ሩፊዳ።

«ላፕቶፑ ላይ። ዘንዶው በር ላይ ያስቀመጥሁት ጨዋታ። ምሳ ስትሄጂ ቤቱን ጠብቁልኝ ትያለሽ... ሰው እጁን አጣጥፎ አይቀመጥም!»

ሩፊዳ ከፈተችው። ክቡርነታቸው አርባ አንድ ጊዜ አስቀምጠዋል። ዓመት ሙሉ ያጠራቀመችው ሽሙጥ ምላሷ ጫፍ ደረሰ፤ የቸሩን ፊት አየችና ዋጠችው። ሰው ለሌላው ሲል እንዲህ ራሱን ሲያዋርድ አይታ አታውቅም።

ውጭ የአይሱዙው ጥሩምባ ጮኸ። ክቡር ጀይሉ ጀለቢያቸውን ሰብስበው ሮጡና መኪናው ፊት ተገተሩ።

«ያ ዞል፣ አንተ ሰው፣ ትንሽ ታገሥ! አንድ ተሳፋሪ ቀርቶሃል!»

ዘንዶው በሦስተኛው ሙከራ ወደቀ። ቸሩ የክቡር ጀይሉን ትከሻ ስሞ፣ ከጭነቱ ላይ እጁን እያወዛወዘ ሄደ።

በማግሥቱ ሩፊዳ «ቤቱን ጠብቁልኝ፤ ምሳ ልብላ» ብላቸው ወጣች። ምሳዋን ቀድማ በልታ ነበር።