ክቡር ሊቀ ቀንድ አውጣ እና የኦፐርኩለም ፈተና

መሥሪያ ቤት ያለ ፕሪንተር ይሠራል፤ ያለ ውኃም፣ ያለ ኃላፊም ሲሠራ አይቻለሁ። ያለ አራሚ ግን የቆመ መሥሪያ ቤት በዕድሜዬ አላየሁም። አራሚ ማለት «እንደምን አደርክ» ስትሉት እንዴት እንዳደረ መንገሩን ትቶ አነጋገራችሁን የሚመረምር ሰው ነው። ታውቁታላችሁ። ምናልባት አሁንም ትከሻችሁ ላይ ተንጠልጥሎ ይህንን እያነበበ፣ የረሳሁትን ነጠላ ሰረዝ እየፈለገብኝ ይሆናል።

የእኛው አራሚ ማዕረግ አላቸው። ማዕረጉን የሰጠኋቸው እኔ ነኝ፦ ክቡር ሊቀ ቀንድ አውጣ። በኮሌጃችን ምድር ቤት፣ ኮሪደሩ መጨረሻ ላይ ያለችው የዛጎል ክፍል ጠባቂ ናቸው። ስድስት መቶ አርባ ዛጎል፣ ሁለት ቁምሳጥን፣ አንድ አጉሊ መነጽር፣ የሠላሳ አንድ ዓመት አገልግሎት። እኔ ፊት ለፊት መዝገብ ቤት ነው የምሠራው። በሮቻችን ስለሚተያዩ ከሚስቴ ፊት ይልቅ የእሳቸውን አብዝቼ አያለሁ።

«ይቅርታ፣ እንደሱ አይባልም።» ይቺ ናት የዘወትር ንግግራቸው። ሲናገሯት ቀኝ ጣታቸው አብራ ትነሣለች።

አንድ ጊዜ አሟቸው ክሊኒክ ወሰድኳቸው። ሐኪሙ ወጣት ነው፣ ጨዋም ነው፤ «አባባ፣ ሆድዎን ነው ያመመዎት?» አላቸው። ክቡርነታቸው በሕመም ተጣጥፈው እንኳ ጣታቸውን አነሡ። «ይቅርታ፣ እንደሱ አይባልም። ሆድ ሰፊ አገር ነው። የላይኛው ቀኝ ነው የምትለኝ ወይስ የታችኛው ግራ?» ሐኪሙ እኔን አየኝ። እኔ ጣሪያውን አየሁ።

ቤቴ ምሳ የጋበዝኳቸው ቀን ደግሞ ባለቤቴ «እስቲ ያንን ክዳን አቀብለኝ» ስትለኝ ሹካቸው አየር ላይ ቀረ። ክዳን የሚለው ቃል እሳቸው ፊት ፈንጂ ነው። አንገታቸውን አስግገው ምድጃው ላይ ያለውን ድስት አዩና ተነፈሱ። «ለድስት ልክ ነው። ቀጥይ ልጄ» አሏት። ባለቤቴ ከዚያ ወዲህ ድስት በከደነች ቁጥር የሆነ ቦታ ማስፈቀድ ያለባት ይመስላታል።

ክዳን ለምን ፈንጂ እንደሆነ ላስረዳ፤ እኔ ስንት ጊዜ ተነግሮኛል። ውኃ ውስጥ የሚኖሩ አብዛኞቹ ቀንድ አውጣዎች በእግራቸው ጀርባ እንደ ጥፍር የጠነከረች፣ ዝርግ ነገር ይዘው ይዞራሉ። አንዳች ነገር ሲያስደነግጣቸው ወደ ዛጎላቸው ይሰበሰባሉ። መጨረሻ የሚገባው እግራቸው ነው፤ ያቺ ዝርግ ነገርም የዛጎሉን አፍ ጥርቅም አድርጋ ትዘጋለች። እሷ ናት እንግዲህ ኦፐርኩለም።

«ክዳን ማለት ተነሥቶ የትም የሚቀመጥ ነገር ነው» ይላሉ ክቡርነታቸው። «ኦፐርኩለም ግን የአካል ክፍል ነው። ከባለቤቱ ጋር አብሮ ያድጋል። አንተ ልጅ፣ ክዳን ሲያድግ አይተህ ታውቃለህ?»

አላውቅም። ማንስ ያውቃል?

እንስሳው ሲሞት ኦፐርኩለሙ ይወድቃል፤ ከወደቀም የማን እንደነበር ለማወቅ ጭንቅ ነው። ስለዚህ ክቡርነታቸው ባዶውን ዛጎል በጥጥ ይጠቀጥቁታል፣ ጥጡ ላይ አንዲት ጠብታ ኮላ ያደርጋሉ፣ ከዚያ የራሱን ኦፐርኩለም በወረንጦ ይዘው በጥንት ቦታው ይለጥፉለታል። ትንፋሻቸውን ይዘው ነው የሚሠሩት። አራት መቶ አሥራ ሁለት ዛጎሎች በዚህ ዓይነት በራቸውን ዘግተው ተቀምጠዋል። የጽዳት ሠራተኛችን አንድ ቀን አንዷን ኦፐርኩለም ወለል ላይ አግኝታ «ጋሼ፣ የኮትዎ ቁልፍ ወድቃለች» ብላ ሰጠቻቸውና ሁለት ሰዓት ሙሉ ትምህርት ጠጣች። አሁን ተማሪዎች ክፍሉን ሊጎበኙ ሲመጡ መጥረጊያዋን ተደግፋ «ክዳን ያልከው ማነህ አንተ?» የምትለው እሷ ናት።

ከሦስት ዓመት በፊት ከዋናው ቢሮ ደብዳቤ መጣ። ምክትል ኃላፊዋ የዛጎል ክፍሉን ጎብኝተው፣ ይቆይ ወይስ የፎቶ ኮፒ ክፍል ይሁን የሚለውን ይወስናሉ ይላል። ክቡርነታቸው የጡረታ ዕድሜያቸው ካለፈ ዓመት ሆኗቸው ነበር። ክፍሉ ከተዘጋ ዛጎሎቹ በካርቶን ወደ መጋዘን፣ እሳቸው ደግሞ ወደ ቤት ናቸው። ቤታቸው ማንም የለም። ባለቤታቸው ካረፉ ቆይቷል፤ ልጅም የላቸው።

«ጋሼ፣ በእናትዎ፣ ለአንድ ሰዓት ብቻ» ብዬ ለመንኳቸው። «ሴትዮዋ ምንም ይበሉ፣ አይረሟቸው።»

«ምንም ቢሉ?»

«ምንም ቢሉ።»

«ክዳን ቢሉስ?»

«ዝም ይበሉ።»

«ጌታ ሆይ» አሉና ተቀመጡ። ውኃ አመጣሁላቸው።

ሴትዮዋ መጡ። ረጋ ያሉ፣ ማስታወሻ ደብተር የያዙ፣ የሚጠይቁ ሰው ናቸው። መጠየቃቸው ነበር መከራው። መጀመሪያ «የክዳኖቹ ማማር!» አሉ። ክቡርነታቸው ምራቃቸውን ዋጡ። ቀጥለው አንዱን ትልቅ ዛጎል አነሡና «ይቺ ቆርኪ የመሰለች ነገር ከራሱ ጋር የመጣች ናት?» አሏቸው።

ቆርኪ! እኔ ዓይኔን ጨፈንኩ። የጽዳት ሠራተኛዋ በር ላይ ሆና አፏን በእጇ ያዘች።

«አዎ» አሉ ክቡርነታቸው፣ በቀጭን ድምፅ። «ቆርኪ ናት።»

እውነቱን ልንገራችሁ። እኚህ ሰውዬ አንድ ቀን እንኳ ዝም ቢሉልኝ ብዬ ስንት ዓመት ተመኝቻለሁ። ዝም ሲሉ ሳያቸው ግን ሆዴ ባባ። ትከሻቸው ወርዶ፣ ያቺ ጣታቸው ኪስ ውስጥ ተደብቃ፣ በገዛ ክፍላቸው ጥግ ላይ እንደ እንግዳ ቆመዋል።

ሴትዮዋ ከሌላኛው መደርደሪያ፣ አፏ በስስ ነጭ ነገር የታሸገች ዛጎል አነሡ። «ይቺኛዋ ላይ ደግሞ ወረቀት ለጥፋችሁባታል» አሉ።

ምን እንደነካኝ አላውቅም። «ይቅርታ፣ እንደሱ አይባልም!» ብዬ ጮኽኩ። ጣቴም ተነሥታለች። «ወረቀት አይደለም፣ ኦፐርኩለም ነው የሚባለው!»

ክቡርነታቸው ቀስ ብለው ወደ እኔ ዞሩ።

«ምን አልክ አንተ?»

«ኦፐርኩለም…»

«ኤፒፍራም ነው!» ጣታቸው ከኪሳቸው ወጣች። «የየብስ ቀንድ አውጣ እኮ ናት! እነዚህ አብዛኞቹ ኦፐርኩለም ከየት አባታቸው ያመጣሉ? ድርቅ ሲሆን የገዛ ልጋጓን አፏ ላይ ታደርቃለች፤ ዝናብ ሲመጣ ቀድዳ ትጥለዋለች። ይሄ መጋረጃ ነው! ያኛው በር ነው! በርና መጋረጃ ነው የምታምታታው? ስንት ጊዜ ልንገርህ? ደግሞ ያቺም ቆርኪ አይደለችም፣ እመቤቴ፣ ይቅር ይበሉኝ፣ አልቻልኩም!»

አርባ ደቂቃ ተናገሩ። ሴትዮዋ መጀመሪያ ቆመው ሰሙ፣ በኋላ ወንበር ስበው ተቀመጡ፣ ደብተራቸውንም ገልጠው ይጽፉ ጀመር። እኔ ሥራቸውን አሳጣኋቸው ብዬ ግድግዳው ላይ ተለጥፌ ቀረሁ።

ውሳኔው በሁለት ሳምንቱ መጣ። መዝገብ ቤት ስለሆንኩ መጀመሪያ ያነበብኩት እኔ ነኝ። «የክፍሉ ጠባቂ ዕውቀት ለተተኪ እንዳልተላለፈ ታይቷል» ይላል። «የመዝገብ ቤቱ ሠራተኛ ለሙያው ፍቅር ቢኖረውም ኦፐርኩለምን ከኤፒፍራም እንኳ የማይለይ መሆኑ በጉብኝቱ ወቅት ተረጋግጧል። ስለሆነም ዘወትር ሐሙስ ከሰዓት በኋላ በጠባቂው ይሠልጥን። በየሦስት ወሩ አሥር ጥያቄ ይፈተን። ስምንቱን ሲመልስ ጠባቂው በክብር ይሰናበታሉ፤ ዛጎሎቹ በሠልጣኙ ኃላፊነት ታሽገው ክፍሉ ለፎቶ ኮፒ ይውላል። እስከዚያው ባለበት ይቀጥል።»

ደብዳቤውን ሁለት ጊዜ አነበብኩት። እስከዚያው ባለበት ይቀጥል።

ከዚያ ወዲህ አሥራ አንድ ፈተና ወድቄያለሁ። መውደቅ ቀላል እንዳይመስላችሁ፤ ጥናት ይጠይቃል። በመጀመሪያው ኦፐርኩለም የሳል መድኃኒት ነው ብዬ ጻፍኩ። ክቡርነታቸው ሲጮኹ የጽዳት ሠራተኛዋ እሳት የተነሣ መስሏት ባልዲ ይዛ መጣች። «አንተ ልጅ፣ ጭንቅላትህ ውስጥ ጥጥ ነው ያለው?» አሉኝ። የምር ነበር የሚናደዱት። ተንኮሌን ቢያውቁ ኖሮ እንደዚያ ባልተንጨረጨሩ ነበር እል ነበር። በኋላ በኋላ በልክ መውደቅ ተማርኩ፤ ሰባት መልሶ ሦስት ማበላሸት። ባለቤቴ «አርባ ሦስት ዓመት የሞላህ ሰውዬ፣ ቀንድ አውጣ ይጥልሃል?» እያለች ትስቅብኛለች። ሐሙስ ሐሙስ ግን ሸሚዜን ተኩሳ ትልከኛለች።

ባለፈው ሐሙስ አሥራ ሁለተኛው ፈተና ነበር። እንደ ልማዴ ሰባቱን በደንብ መለስኩ። ስምንተኛው ላይ ኦፐርኩለም ስንት ዓይነት አስተዳደግ እንዳለው ይጠይቃል። ጥያቄው ጣፈጠኝ። አንዱ እየተጠመዘዘ፣ አንዱ ክብ በክብ ላይ እየደረበ እንደሚያድግ ጻፍኩ፤ ሥዕልም ጨመርኩበት። በዚያው ግለት ዘጠነኛውንና አሥረኛውን ሞላሁና ወረቀቱን ሰጠኋቸው። አሥሩንም በትክክል እንደመለስኩ የገባኝ ወረቀቱ ከእጄ ከወጣ በኋላ ነው።

ክቡርነታቸው እስክሪብቷቸውን ይዘው ማረም ጀመሩ። ሰባት ጊዜ ልክ አሉ። ስምንተኛው ላይ ቆሙ። አነበቡት። መነጽራቸውን አውልቀው ወለወሉና እንደገና አነበቡት። እሳቸው ያስተማሩኝ ቃል በቃል ነው ያለው፤ ሥዕሉም አንድ እንከን የለውም። ቀና ብለው ቁምሳጥኖቹን አዩ፣ ከዚያ ወረቀቱን፣ ከዚያ እጃቸውን።

ስምንተኛው ላይ ኤክስ አደረጉበት። ዘጠነኛውም ላይ። አሥረኛውም ላይ። «ሰባት ከአሥር» ብለው ጽፈው ፈረሙ፣ ወረቀቱንም ፊቱን ደፍተው ፋይል ውስጥ ከተቱት።

«ገና ነህ» አሉኝ፣ ቀና ብለው ሳያዩኝ። «ሐሙስ እንዳትቀር።»

«አልቀርም፣ ጋሼ» አልኳቸው።