የጊዮርጊስ ማኅበርተኛ ዘንዶ ሲያረባ

ሰው የሚለካው በሚጋልበው ነው። ሌላው ሁሉ ወሬ ነው። “የለም፣ በጠባዩ ነው፣ በልቡ ንጽሕና ነው” የምትሉ ካላችሁ፣ ለጥር ጊዮርጊስ፣ ፈረሰኛው ሲሰለፍ፣ ቆሰበር ከተማ ኑና መንገድ ዳር ቁሙ። የልብ ንጽሕናችሁን የሚጠይቃችሁ አንድም ሰው የለም። መጀመሪያ የሚታየው ፈረሱ ነው። ቀጥሎ ልጓሙ፣ ቀጥሎ ኮርቻው። ከዚያ በኋላ ዓይን ትርፍ ጊዜ ካላት ብቻ ላዩ ላይ ማን እንደተቀመጠ ታጣራለች።

እኔ ቦራ የሚባል ፈረስ አለኝ። ግንባሩ ላይ ነጭ አለው፣ አንገቱን ሲሰብቅ ዳኛ ይመስላል። መልኩ ከኔ ይሻላል። ይህን ሚስቴ አለምነሽም ትመሰክራለች… ማንም ሳይጠይቃት። እንግዲህ ይህን የመሰለ ፈረስ በረት ታስሮልኝ፣ ለዓመት በዓል በአህያ እንድወጣ ያደረገኝ የስልክ ጨዋታ ነው ብላችሁ ትስቃላችሁ። ሳቁ። እኔ መጀመሪያ ልጨርስ።

የአለምነሽ ወንድም ውበቱ ዳንግላ ውስጥ ስልክ ይጠግናል። ይጠግናል ስል እሱ እንደሚለው ነው እንጂ፣ የኔን አንዴ ከነካካው ወዲህ ሰው ሲደውልልኝ ባትሪው ይበራል፣ ድምፅ ግን የለም። ያኔ ነው “ጊዜ ታሳልፍበታለህ” ብሎ የካርታ ጨዋታ የጫነልኝ። ጠላ ቤት ጠረጴዛ ላይ የሚመታው ካርታ አይምሰላችሁ። በየካርታው ላይ አንዳች ፍጥረት ተስሏል፦ ጠንቋይ፣ ጋኔን፣ ሰው የሚመስል ጅብ፣ ጅብ የሚመስል ሰው። ከዚያ ሁሉ መንጋ ሠላሳ መርጠህ ታሽጋለህ፤ እሽጉ ዴክ ይባላል። ዴክህን ይዘህ ከሌላው ሰው ዴክ ጋር ትገጥማለህ። በየተራህ ትንሽ ትንሽ ጉልበት ይጨመርልሃል፣ በጉልበትህ ልክ ካርታ ሜዳ ላይ ታወርዳለህ፣ የባላጋራውን ነፍስ ቀድሞ የጨረሰ አሸነፈ። በቃ። ከመሬት ክርክር ይቀላል።

እኔ ዘንዶ መረጥኩ። ለምን አትሉኝም? ከሰል አክሳይ ነኝ! ዲከረንስ የሚባለውን ዛፍ ተክዬ፣ ቆርጬ፣ ከምሬ፣ አፈር አልብሼ አከስላለሁ። በእሳትና በጭስ ያረጀ ሰው እሳት ከሚተፋ እንስሳ በቀር ምን ይመርጣል? ጥንቸል?

ችግሩ ንባቡ ነበር። ጨዋታው የተጻፈው በእንግሊዝኛ ነው፣ እኔ ደግሞ አማርኛውንም ማንበብ ያወቅሁት ጢሜ ከበቀለ በኋላ ነው። ስልኩ ይተረጉምልኛል፣ አተረጓጎሙ ግን እኔ ፊደል በጀመርኩ በሳምንቱ ከጻፍኩት ይብሳል። “አሮጌ ዘንዶ ሲሞት በደስታ ሁለት እንቁላል” ይላል። ይህን አንብበህ ተረዳ እንግዲህ! ደግሞ እኔ የማነበውን አልዘልም። ዘግይቶ የተማረ ሰው የተጻፈ ሁሉ አስፈርሞ መሬቱን የሚወስድበት ይመስለዋል። ፊደል በፊደል ስቆጥር፣ ተራዬን የሚለካው ክር ስልኩ ላይ ነዶ ያልቅና ካርታ ሳላወርድ ተራው ያልፈኛል።

የመጀመሪያው ዴኬ ከዳር እስከ ዳር ዘንዶ ነበር። ባለ ክንፍ፣ ባለ ቀንድ፣ ባለ ሰባት አንገት… አንዱ ካንዱ ይገዝፋል። በሬ ሆይ፣ ሳሩን አየህና ገደሉን ሳታይ ማለት ይኼ ነው። ዘንዶ ለማውረድ ብዙ ጉልበት ይጠይቃል፣ ጉልበቱ ደግሞ የሚጠራቀመው በብዙ ተራ ነው። ውበቱ ያሸገው ምን መሰላችሁ? አይጥ። አንድ መንጋ አይጥ! አይጥ ጉልበት አትፈልግም፣ ወዲያው ትወርዳለች። ዘንዶዎቼ እጄ ላይ እንደ ሹም ተኮፍሰው ጉልበት ሲጠብቁ፣ አይጦቹ እኔን በልተው ይጨርሳሉ። ውበቱም ይደውልና ዘንዶዎቹ ከግቢ የሚወጡት መቼ እንደሆነ በትሕትና ይጠይቀኛል።

ስሸነፍ፣ ስሸነፍ ከረምኩና አንድ ቀን የከሰል ክምር እያለበስኩ ገባኝ። ለካ ሙያዬን ረስቼ ኖሯል። ከሰል ሲከሰል እሳት ግንድ ላይ አይለኮስም። መጀመሪያ ጭራሮ፣ ቀጥሎ ቅርንጫፍ፣ ከዚያ ግንዱ፤ ላዩን አፈር አልብሰህ ነፋስ ትከለክላለህ። አፈሩን ብትረሳ ሌሊቱን ሁሉ ይነድና ጠዋት አመድ ታቅፈህ ትቀራለህ። ወዲያው ቁጭ ብዬ ዴኬን እንደ ክምር ሠራሁት። ለጭራሮ እንቁላልና ጫጩት ዘንዶ፣ ለአፈር ጋሻ ያዢዎች፣ ለግንድ ሁለት ሦስት ትልልቆች ብቻ። ወዳጄ፣ ከዚያ በኋላ የነደደውን አትጠይቀኝ! አገራቸውን የማላውቃቸው ሰዎች እየመጡ ተቃጥለው ሄዱ። ውበቱም ደጋግሞ ተቃጠለ፤ ወሬውም ቀነሰ።

ሠላሳውን ስሞላ ግን አንድ ቦታ ተረፈችኝ። እዚያች ላይ ፈረሰኛ አስገባሁ። ነጭ ፈረስ የተቀመጠ፣ ጦር የያዘ፣ ማንን እንደሚመስል ለእናንተ አልነግራችሁም። ሥራው ሜዳ ላይ ካለው ዘንዶ አንዱን መግደል ነው፤ የማንም ይሁን የማን። ልብ በሉ፤ ይህን አንብቤዋለሁ፣ አሳምሬ ገብቶኛል። ውበቱ አይጥ እንጂ ዘንዶ የለውም። ስለዚህ ፈረሰኛው ሊገድል የሚችለው የኔኑ ዘንዶ ብቻ ነው። “አውጣውና ሌላ ጠቃሚ ነገር አስገባበት” ብሎ ራሱ ውበቱ መክሮኛል። አላወጣሁትም። ፈረስ የሌለበት ሠራዊት ይዞ መውጣት የአገውን ሰው ያሳፍራል። ማን ያየዋል ትሉኛላችሁ፤ እኔ አየዋለሁ። የማይመዘዝ ጎራዴ ግድግዳ ላይ ይሰቀል የለም? እንደዚያ ተሰቅሎ ይኑር አልኩ።

ሁለታችንም ድል ስንቀማምስ ነገሩ ወደ ቁርጥ ሄደ። አንድ ግጥሚያ፣ የተሸነፈ ለጥር ጊዮርጊስ በአህያ ይሰለፋል ተባባልን። በአህያ! ዘር ሲቆጠር የሚነሳ ነውር ነው። በዚያ ላይ በራሱ በጊዮርጊስ ማልን። አለምነሽ ስትሰማ እጇን ከሊጥ ሳታወጣ፣ “በአህያ ከወጣህ መንገድ ላይ ስታገኘኝ አታውቀኝም” አለችኝ። ወንድሟንም እንዲሁ ትለዋለች ብዬ ጠበቅሁ። አላለችውም።

ልንገጥም ስንል ኔትወርኩ ጠፋ። ኔትወርክ እኛ ዘንድ እንደ ከተማ ዘመድ ነው፤ ሲመጣም ሲሄድም አይነግርም። ስለዚህ በዳንግላ ገበያተኛ መልእክት ተላላክን፦ በተመለሰበት ሰዓት፣ የትም እንሁን የት እንገጥማለን፣ ያልተገኘ እንደተሸነፈ ይቆጠራል።

ኔትወርኩ የተመለሰው በታኅሣሥ ጊዮርጊስ፣ የጊዮርጊስ ማኅበራችን እኔ ቤት ተሰብስቦ ጽዋው የኔ በሆነበት ቀን ነው። ጸሎቱ ደርሶ፣ ዳቦው ተቆርሶ፣ ጠላ እየቀዳሁ ኪሴ በራ። ውበቱ ነው። “ሜዳ ወጥቻለሁ” ይላል። ማሰሮውን ለአለምነሽ አቀበልኩና ጓዳ ገብቼ ከጋኑ ጀርባ ቁጢጥ አልኩ።

አይጦቹ እንደ ልማዳቸው መጡ። ጋሻ ያዢዎቼ ቻሉ፣ ቻሉ፣ አለቁ። ነፍሴ ክር ላይ ስትደርስ ጉልበቴ ሞላና ባለ ሰባት አንገቱን አወረድኩት። ከእንቁላሉ ጀምሬ ያሳደግሁት ነው፤ ሜዳው ጠበበው። ውበቱ ተራውን በመርበትበት ጨረሰ። አሁን ዘንዶውን አንዴ በጣቴ ነክቼ ብለቀው ጨዋታው አለቀ፣ ውበቱ አህያ ላይ ወጣ። አዲስ ካርታ መጣልኝ። ፈረሰኛው! በዚህ ሁሉ ጊዜ አንዴ እንኳ ወጥቶ የማያውቅ ሰውዬ… እጄ ላይ ሆኖ ያየኛል።

በዚህ መሃል አንድ ትልቅ እጅ ስልኩን ከላዬ ላይ አነሳው። አያ ጫኔ ናቸው። አያ ጫኔ የደብራችን ፈረሰኞች ሁሉ ታላቅ ናቸው፤ በበዓሉ ማን ከፊት፣ ማን ከኋላ እንደሚሰለፍ የሚወስኑት እሳቸው ናቸው። የጠፋውን ጋባዥ ፍለጋ ጓዳ ገብተው ኖሯል። ዓይናቸው ስለደከመ ስልኩን ይዘው ወደ ብርሃኑ፣ ማኅበርተኛው መሃል ወጡ። እኔም እጄን ዘርግቼ ተከተልኳቸው።

“ይሄ እባብ ምንድን ነው?”

“ዘንዶ ነው አያ። ጨዋታ ነው፤ አንዴ ቢሰጡኝ…”

“ይኼኛውስ?” ጣታቸው ፈረሰኛው ላይ ነው።

“ፈረሰኛ ነው።”

“ምን ይሠራል?”

ሰው ሲቸኩል እውነት ታመልጠዋለች። “ዘንዶ ይገድላል” አልኳቸው።

ፊታቸው በራ። ሽማግሌዎቹ ሁሉ ዋንጫቸውን ይዘው ስልኩ ላይ አጎነበሱ። የቀረበው ላልቀረበው ይነግራል፤ ነጭ ፈረስ ነው፣ ጦርም ይዟል፣ እዚያ ማዶ አውሬው ቆሟል።

“ታዲያ ምን ትጠብቃለህ? ልቀቀዋ” አሉኝ አያ ጫኔ።

“ዘንዶው የኔ ነው።”

ዳቦ የሚያኝክ አፍ ሁሉ ቆመ።

“የማን ነው አልከኝ?”

“የኔ። እኔ ነኝ ያሳደግሁት። ከእንቁላሉ።”

አለምነሽ ከበሩ ሥር “እኔ የማውቀው ነገር የለም” አለች። ውሸቷን ነው! ለጫጩት ዘንዶዎቹ ስም ያወጣችላቸው እሷ ናት።

አያ ጫኔ አልተቆጡም። ቢቆጡ ይሻል ነበር። “በዛሬ ቀን፣ ጽዋውን ቤትህ አስቀምጠህ፣ ጓዳህ ውስጥ ዘንዶ ታረባለህ” አሉና ስልኩን መለሱልኝ። “በል እንግዲህ። እያየንህ ነው።”

የተራዬ ክር ይነድዳል። በአንድ ወገን ጊዮርጊስ በሚያህል ስም የማልኩባት አህያ ቆማለች፣ በሌላ ወገን ጢማም ሁሉ ከቦኛል። እናንተ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር? ጀግና አትሁኑብኝ፤ የምታደርጉትን አውቀዋለሁ።

ፈረሰኛውን ለቀቅሁት።

ስልኩ የኮቴ ድምፅ አሰማ። ለስልክ ጥሪ ዲዳ የሆነው ስልክ ለዚህ ጊዜ ድምፅ አገኘ! ጦሩ ተሰነዘረ፣ ሰባቱም አንገት ተራ በተራ ወደቀ። ቤቱ በእልልታ ተናጋ። አንድ ሽማግሌ ስልኩን ሊሳለሙ ጎንበስ ካሉ በኋላ ሐሳባቸውን ለወጡ። እልልታው ሳይበርድ አይጦቹ መጥተው እኔን ጨረሱኝ፤ ይህን ግን ያየ የለም፣ ሁሉም ወደ ጠላው ተመልሷል። ፈረስ ያደርሳል እንጂ አይዋጋም ይላል ተረቱ። የኔው ተዋጋ፤ የትም አላደረሰኝም።

ውበቱ ወዲያው ደወለ። የገዛ ዘንዶዬን ስለምን እንደገደልኩ፣ አእምሮዬ ደኅና እንደሆነ ጠየቀኝ። በአገውኛ መለስኩለት። አማርኛው ስለሚለዝብ እዚህ አልጽፈውም።

የቀረኝ ተስፋ አያ ጫኔ ነበሩ። ማኅበርተኛው ሲበተን ለብቻቸው ይዤ ውርርዱን ከነምክንያቱ ነገርኳቸው። በእርስዎ ትእዛዝ ነውና የተሸነፍኩት፣ በእርስዎ ቃል ከአህያዋ ያውርዱኝ አልኳቸው። በጥሞና ሰሙኝ።

“በማን ማልክ?”

“በጊዮርጊስ።”

“እንግዲያ በአህያ ትወጣለህ” አሉና ጋቢያቸውን አጣፍተው ሄዱ።

ጥር ደረሰ። ያቺ ከሰል የምትሸከምልኝ አህያ ታጥባ፣ የቦራን ጌጥ ለበሰች። ጌጡ ሰፍቷት ጆሮዋ ላይ ይወድቃል። ቦራስ? ባትጠይቁኝ ይሻል ነበር… ውበቱ ድሮም ፈረስ የለው፣ ከዳንግላ በሚኒባስ መጥቶ ቆመ። አለምነሽ “ፈረሱ ታስሮ ይዋል እንዴ?” ብላ ልጓሙን ለወንድሟ ሰጠችው። በተውሶ ልባብ አጊጦ፣ ሽምጥ እየጋለበ በአጠገቤ ሲያልፍ ቦራ ዞር ብሎ እንኳ አላየኝም። እሱም መንገድ ላይ አያውቀኝም ማለት ነው።

አህያዋ ደግሞ የምታውቀው መንገድ አንድ ነው፤ የከሰል መሸጫው። መታጠፊያው ጋ ስንደርስ ሰልፉ ወደ ቀኝ፣ እኛ ወደ ግራ። ሰው ተረባርቦ መለሰን። ትንሽ ቆይታ ደግማ ታጠፈች። አንዲት ሴትዮ ይህን ሁሉ ጌጥ እያየች፣ ከሰሉን የት እንዳራገፍኩት ጠየቀችኝ።

እንዲህ ስንንገላታ አያ ጫኔ ከሰልፉ ግንባር ተመልሰው፣ ጉራቻ ፈረሳቸውን አጠገቤ አቆሙ። አዘኑልኝ ብዬ ዓይኔ ሊያነባ ምንም አልቀረውም። ግራ ቀኝ አዩና ጎንበስ አሉ።

“ያ ዘንዶ… ሌላ አለህ?”

“አሉኝ አያ። ግን ዛሬ ማታ ሁሉንም ላጠፋቸው ነው፤ ይበቃኛል።”

“ኧረ እንዳታጠፋቸው” አሉ ደንግጠው። “ሽማግሌዎቹ እየጠየቁኝ ነው፣ የየካቲት ማኅበር እኔ ቤት ነው። ስልክህን ይዘህ ና። ዘንዶዎቹ ካለቁ ፈረሱ ምን ሊሠራ ነው?”

ይህን ያሉኝ ከፈረስ ላይ ሆነው ነው፤ እኔ ደግሞ አንጋጥጬ ነው የሰማኋቸው። ከአህያ ላይ ሆነህ ስትሰማው ማንም ሰው ቢናገር ትክክል ይመስላል።