ፎቶ ሳያነሳ የተመሰገነው ፎቶ አንሺ

እናንተ ሆዬ፣ ሳይሠራ የሚመሰገን ሰው ገጥሟችሁ ያውቃል? እኔ እዚሁ ወገዳ ከተማ አለልኝ። አንዳርጌ ይባላል፤ እንደኔው ፎቶ አንሺ ነው።

የሚስቴ አባት ያረፉ ዕለት ቤተሰቡ እኔን አማቹን ትቶ እሱን ጠራ።

«እሱ ጠይቆ ነው የሚያነሳ» አለችኝ ሚስቴ።

ቅናት ነው ትሉኝ ይሆናል። ታዲያ ምን ሊሆን ኖሯል?

አንዳርጌ ካሜራውን ከቦርሳው ሳያወጣ፣ «አባ፣ ይፍቱኝ፤ መቃብሩ ዘንድ ማንሳት ይፈቀዳል?» ብሎ ቄሱን ጠየቀ። ፈቀዱለት። ቀጥሎ የሚስቴን እናት ጠየቀ።

«ልጄ፣ ሰው ሲያለቅስ አይነሳም» አሉት።

«እሺ እማማ» አለና ከለቀስተኛው ጋር ቆመ፤ አፈር ሲመለስም አካፋ ተቀበለ። አንድም ፎቶ አላነሳም። አገሩ ግን «ወይ ጨዋ ፎቶ አንሺ!» እያለ ሰነበተ። እኔ ያን ሁሉ ሰርግ ሳነሳ ማን ጨዋ አለኝ?

ከተዝካሩ በኋላ አማቴ ራሳቸው አስጠሩት። «አሁን እንባዬ ደርቋል፤ ከመቃብሩ አጠገብ አንሳኝ» አሉት። እኔም ካሜራዬን አንግቤ ከተፍ አልኩ።

«ጎሽ ልጄ፣ እንኳን መጣህ!» አሉኝ። «ፀሐዩ ፊቴን እንዳይመታኝ ጥላዬን ያዝልኝ።»

ያንን ፎቶ ዛሬ ለመጣ እንግዳ ሁሉ ያሳያሉ። በእውነት ያምራል። በስተዳር በኩል እጄ ወጥታለች።