ስሙ ከዕድሜው የረዘመ ኮንፈረንስ

ማኅበር ቅዳሜ መሥርቶ እሁድ ለሁለት መሰንጠቅ የእኛ የሐበሾች ሙያ ብቻ ይመስለኝ ነበር። እዚህ ኮለምበስ ስንቱ ማኅበር ተመሥርቶ ሊቀመንበሩ ከነማኅተሙ ጠፍቷል መሰላችሁ። እናንተም ባላችሁበት ከተማ አንድ ሁለቱን ሳታውቁ አትቀሩም። ፈረንጅ ግን ዶክተር ሰብስቦ፣ ጠበቃ ቀጥሮ፣ ደንብ ጽፎ እንዲህ ያለ ቅሌት ውስጥ ይገባል ብዬ አልጠረጠርኩም። ሞኝ ነበርኩ።

ልጄ ቤዛ የምትማርበት ትንሽ ኮሌጅ ከአምስት ቢጤዎቹ ጋር ሆኖ የስፖርት ኮንፈረንስ አቋቋመ፤ ስድስቱ እርስ በርስ እየተጋጠሙ በየዓመቱ ሻምፒዮን የሚለዩበት ማኅበር ማለት ነው። ስሙን በአንድ ትንፋሽ የሚጨርሰው ሰው አልነበረም። ገና አንድ ኳስ ሳይመታ አርማ ተሣለ፣ ባንዲራ ተሰፋ፣ ኮሚሽነር የሚባል ሰውዬ ከነከረባቱ ተሾመ። ስድስቱ ፕሬዚዳንቶች "ቤተሰብ ሆነናል" እያሉ ተቃቅፈው ፎቶ ተነሡ። እኔ ደግሞ ሹማምንት እንዲህ አጥብቀው ሲተቃቀፉ ሳይ ኪሴን እዳብሳለሁ።

ቤዛ አሎሎ ወርዋሪ ናት። አዎ፣ አሎሎ፤ ያ ድቡልቡል ብረት። አሠልጣኟ መጀመሪያ ስሟን አይቶ ረጅም ርቀት ሩጫ ላይ መድቧት ነበር። በሦስተኛው ዙር እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ እንደ ገበያተኛ ስትራመድ ሲያይ ነው ስለ ሐበሻ ያለውን እውቀት ያሻሻለው።

በመጀመሪያው ዓመት ሻምፒዮና ኬሊ የምትባል የሌላ ኮሌጅ ልጅ በአንድ ስንዝር በለጠቻት። ቤዛ ያን ስንዝር ይዛ ከረመች። በረዶ ሲወርድ ጂም፣ በረዶ ሲቀልጥ ሜዳ። የምትፈልገው ኬሊን ማሸነፍ ብቻ ነበር።

ፕሬዚዳንቶቹ ግን ሌላ ሥራ ይዘዋል። ሁለቱ "ደረጃችንን የሚመጥን" ኮንፈረንስ አገኘን ብለው ወጡ። የምን ደረጃ? የአንደኛው ሜዳ ከእኛ አፓርታማ ፓርኪንግ አይሰፋም። ሦስተኛው ተከተላቸው። ለሻምፒዮናው አንድ ሳምንት ሲቀረው የኬሊም ኮሌጅ ሹልክ አለ። የቀሩት የቤዛ ኮሌጅና አሎሎ ወርዋሪ የሌለው አንድ ሌላ ናቸው። ለልጆቹ የነገራቸው ማንም የለም፤ ቤዛ የሰማችው ከራሷ ከኬሊ ነው።

ሻምፒዮናው እንደ ደንቡ ተደረገ፤ ምን ቸገራቸው። ቤዛ ብቻዋን ወረወረች፣ ብቻዋን ወርቅ ተሸለመች። ኮሚሽነሩም ኮንፈረንሱ ስለሚያወርሰው ታሪካዊ ቅርስ ረዘም ያለ ንግግር አደረገ። የሁለት ዓመት ቅርስ። የእኔ ነጠላ ጫማ እንኳ ይበልጠዋል።

"አባዬ፣ አይ ዲድንት ቢት ኤኒባዲ" አለችኝ ቤዛ፣ ሜዳሊያውን ኪሷ እየከተተች። ማንንም አላሸነፍኩም ማለቷ ነው። ልጆቻችን ሲከፋቸው በእንግሊዝኛ ነው።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ኬሊን ኮል አደረገቻት። ሚነርቫ ፓርክ አጠገብ ካለ ባዶ ሜዳ ላይ ተገናኙ። ዳኛው እኔ፣ ሜትሩ ደግሞ መጋዘን ውስጥ ዕቃ የምለካበት። ስድስት ስድስት ጊዜ ወረወሩ። እስከ መጨረሻው ቤዛ ትመራ ነበር። የኬሊ የመጨረሻ አሎሎ ያረፈበትን ልለካ ጎንበስ ስል ሁለቱም ራቅ ብለው ቆመዋል። ከቤዛ በአራት ጣት ይበልጣል።

ሜትሩን ሸርተት ባደርገው ማን ያየኛል? የልጄ መዳፍ ሲላጥ የከረመው እኔ ፊት ነው። እውነቱን ልንገራችሁ፣ እጄ ተንቀሳቅሷል። ከዚያ ያ ከረባታም ሰውዬ ትዝ አለኝና በራሴ አፈርኩ። ያየሁትን ቁጥር ጮክ ብዬ ተናገርኩ። ቤዛ አላመነችኝም፤ ራሷ መጥታ ተንበርክካ ለካች። አራት ጣት ነው።

ስንመለስ መኪና ውስጥ እናቷ ደወለች።

"እንዴት ሆንሽ?"

"ሁለተኛ።"

"ከስንት?"

"ከሁለት" አለችና እንባዋ እስኪፈስ ሳቀች። ከዚያ ሻምፒዮና ወዲህ ሳቋን ስሰማ የመጀመሪያዬ ነው።

ሰኞ ግሮቭ ሲቲ መጋዘኑ ሥራ ስገባ አብረውኝ የሚሠሩት ልጆች ተቀበሉኝ። "ጋሼ፣ ልጅዎ እንዴት ሆነች?" አሉኝ። ስለ ወርቁ አንድም ቃል አልተነፈስኩም። ደረቴን ነፍቼ፣ ሁለተኛ ወጣች አልኳቸው።