ስሙን የማትጠራ ሚስት

ትዳር ያላችሁ ሰዎች፣ እስኪ አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። ማግባታችሁን በምን ታስረዳላችሁ? የጋብቻ ወረቀትና የሠርግ ፎቶ ያላችሁ ዝም በሉ፤ እናንተን አይደለም። እኔ የምለው ሽማግሌ ተልኮ፣ ኒካ ታስሮ ወይም ካህን ባርኮ፣ ከዚያ በኋላ ዝም ብሎ አብሮ ያረጀውን ሰው ነው። ጎረቤት ያውቀዋል፣ ዕድርተኛ ያውቀዋል፣ የሰፈሩ ውሻ እንኳ ማን የማን እንደሆነ ለይቶ ነው የሚጮኸው። ፍርድ ቤት ግን ካላስረዱት አያውቅም።

ይህን የተማርኩት በጎረቤቴ በዘሃራ ጉዳይ ነው። ኮምቦልቻ አንድ አጥር ተጋርተን ስንኖር፣ ከባሏ ከሰይድ ጋር ክፉ ደጉን ሲያሳልፉ አይቻለሁ። ዘሃራ የባልን ስም መጥራት ነውር ነው ተብላ ያደገች የዱሮ ሴት ናት። ለሰው ስታወራ "እሳቸው"፣ ፊት ለፊት ደግሞ "አንቱ" ነው የምትለው። ከቤት ርቆ ሲፈለግ የበሩን ቆርቆሮ በማንኪያ ትመታለች፤ ያኔ እኛ ጎረቤቶች ተቀባብለን "ሰይድ! ትፈለጋለህ!" እንላለን።

ታዲያ ይኸው ሰይድ በስተርጅና ልቡ ሸፈተና ደሴ ወጥቶ ሌላ ቤት መሠረተ። ዘሃራ ልጅ የላትም፣ ጉልበቷም ከድቷታል፤ ቀለብ ይቁረጥልኝ ብላ እዚያው ደሴ ፍርድ ቤት ከሰሰችው። ክሱ ሲጻፍ የባሏን ስም የተናገርኩት እኔ ነኝ። እሷማ ፊቷን በሻርፗ ሸፍና ወደ ግድግዳ ዞራ ነበር።

የሰይድ መልስ ሲነበብ ክው አልን። "ሚስቴ አይደለችም፤ የቤት ሠራተኛዬ ነበረች።"

ሐርቡ ከተማ ላይ ኒካውን ያሰሩት ሼህ ሞተዋል፤ የነበሩት ምስክሮችም እንዲሁ። እኔ አብረው ሲኖሩ እንጂ ሲጋቡ አላየሁም። ስመሰክር የሰይድ ጠበቃ "ሠራተኛም እኮ እዚያው ቤት ነው የምትኖረው" አለኝ። ምን ልበል? ዘሃራ ቀለቡን ብታጣ እንደምንም ትችለው ነበር። ዕድሜዋን በሰጠችበት ቤት ሠራተኛ ነበርሽ መባልን ግን አልቻለችም።

ዳኛዋ ወጣት ሴት ናት። "እናቴ፣ ባለቤቴ የሚሏቸው ሰው ማን ይባላሉ?" አለቻት።

"እሳቸው ናቸው፣ እዚያ የቆሙት።"

"ስማቸውን ይንገሩን።"

"ወላሂ አልጠራም የኔ ልጅ፤ ነውር ነው።"

ጠበቃው ብድግ አለ። "ክቡር ፍርድ ቤት፣ ይመዝገብልኝ! የባሏን ስም የማታውቅ ሚስት የት አለች?"

ዘሃራ ሻርፗን ወደ ፊቷ ሳበች። እንባዋ መጣ። ይህን ጊዜ ሰይድን አላስቻለውም።

"ኧረ ተው አንተ ሰውዬ፣ አታስጨንቃት! አንድ ቀን ስሜን ጠርታኝ የማታውቀዋን ዛሬ በሰው ፊት ልታስጠራት ነው?"

ጠበቃው ቀስ ብሎ ተቀመጠ። ዳኛዋ ብዕሯን አስቀመጠች። "አቶ ሰይድ፣ ሠራተኛዎ ብትሆን እኮ ቀኑን ሙሉ 'አቶ ሰይድ' ስትልዎ ትውል ነበር። የእኔም እናት አባቴን በስሙ ጠርታው አታውቅም።"

ሰይድ መሬት መሬቱን አየ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ በዚያች ደቂቃ አሳዘነኝ። ሚስቴ አይደለችም ለማለት ጠበቃ የቀጠረ ሰው፣ ስትጨነቅ ማየት ግን አልሆነለትም።

ሚስትነቷ ተረጋግጦ ቀለቡ ተወሰነላት። ስንወጣ የደሴ ዝናብ ጀምሯል። ሰይድ ጃንጥላውን አግዳሚ ወንበሩ ላይ ረስቶ ወደ ግቢው በር ሲያዘግም፣ ዘሃራ አንስታ ይዛዋለች። እንደ ልማዴ ልጠራላት አፌን ስከፍት ቀደመችኝ።

"ሰይድ!"

ሰውየው ባለበት ደርቆ ቀረ። ቀለቡ ሲወሰንበት እንኳ እንዲያ አልደነገጠም።

"ጃንጥላህን ረስተሃል።"

ተቀበላት። ሳይዘረጋው እየዘነበበት ሄደ።

ወደ ኮምቦልቻ ስንወርድ፣ ሚኒባስ ውስጥ ላስቃት ብዬ "ለካ መጥራቱን ትችይበት ኖሯል" አልኳት።

"የባሌን ስም ነው የማልጠራው" አለችኝ። "የሌላ ሰው ስምማ ምን ነውር አለው?"